ወንድሙን የወለደው ወንድሜ

ወንድሜ አሜሪካ ሄዶ ወንድሙን ወለደ። ሐሜት እንዳይመስላችሁ፤ ማኅተም ያረፈበት ወረቀት አለው።

ስማቸውን ልለውጥላቸውና ወንድሜን ጫላ፣ አባታችንን ቱፋ፣ አያታችንን ገመዳ እንበል። ሕፃኑ ናኦል ይሁን። ጫላ ከአርሲዋ ሲሬ ወጥቶ ሚኒሶታ ከገባ ብዙ ዓመት ሆኖታል፤ እሱም ሚስቱም ዜግነት ቀይረዋል። ሚስቱ በተገላገለች ማግስት አንዲት ነርስ ቅጽ ይዛ ገባችና «የቤተሰብ ስም?» ብላ ጠየቀች። ጫላ ሁለት ሌሊት ዓይኑን አልከደነም ነበር። መንጃ ፈቃዱ ላይ መጨረሻ የተጻፈችውን ስም አየና ነገራት። ልጁ ናኦል ቱፋ ተባለ። እልልታው በስልክ ሲሬ ድረስ ተሰማ።

ፈረንጅ አገር ይህ ምንም ችግር የለውም። እዚያ «ቱፋ» ሰውዬ አይደለም፤ ደጃፍ ላይ እንደሚሰቀል ታፔላ ነው፣ አባትም ልጅም ከሥሩ ይገባሉ። እኛ ዘንድ ግን ከስም ቀጥሎ የሚመጣው አባት ነው፤ ሌላ ማንም እዚያ ቦታ ላይ አይቀመጥም። ናኦል ቱፋ ማለት የቱፋ ልጅ ናኦል ነው። ጫላ ቱፋም የቱፋ ልጅ ጫላ ነው። ሁለት የቱፋ ልጆች እርስ በርስ ምን እንደሚባሉ ለማወቅ ሕግ መማር አያስፈልግም። አባቴ በሰባ ሦስት ዓመታቸው፣ ከሲሬ ሳይነቃነቁ፣ ሚኒሶታ ላይ ወንድ ልጅ አገኙ። እኔም እስከዚያች ቀን ድረስ የቤቱ የመጨረሻ ልጅ ነበርኩ።

ነገሩን ለእናቴ ሳስረዳት አባቴን ትክ ብላ አየቻቸውና «እሺ፣ እናትየዋስ ማን ናት?» አለች።

ደግነቱ ከዚህ የባሰም ነበረ። የዛሬው የኢትዮጵያ ፓስፖርት በቤተሰብ ስም ቦታ የሚያስገባው የአያትን ስም ነው። ጫላ በዚህ ዓይነት ፓስፖርት ሄዶ ቢሆን ኖሮ የመጨረሻ ስሙ ገመዳ ይሆን ነበር፤ ነርሷም ልጁን ናኦል ገመዳ ብላ ትመዘግበው ነበር። የገመዳ ልጅ የቱፋ ወንድም ነው፤ የቱፋ ወንድም የጫላ አጎት ነው። ወንድሜ አጎቱን ዳይፐር ሲቀይር ይታያችሁ።

ስሙ ሰባት ዓመት ሙሉ ማንንም ሳይነካ ተኝቶ ኖረ። የቀሰቀሰው ቢጫ ካርዱ ነው።

አንድ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ስልኬ ጮኸ። በዚያ ሰዓት የሚደወል ስልክ ወይ ሞት ነው ወይ ጫላ ነው። እሱ ዘንድ ገና ከምሽቱ አንድ ሰዓት ስለሆነ እራቱን በልቶ፣ እግሩን ሶፋ ላይ ሰቅሎ ነው የሚደውለው።

«ስማ፣ ለልጁ ቢጫ ካርድ ላወጣለት ነው።»

«ምን አጠፋ?» አልኩት። እንቅልፌ ገና አልለቀቀኝም ነበር።

ቢጫ ካርድ የምንለው በወረቀት ስሙ የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያ ካርድ ነው። የመጣው በ1994 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 270 ነው። አገራችን ሁለት ዜግነት አትፈቅድም። ይህ ከ1922ቱ የንጉሡ የዜግነት ሕግ ጀምሮ የቆየ ነው፤ የ1996ቱ አዋጅ ቁጥር 378ም በፈቃዱ የሌላ አገር ዜግነት ያገኘ ሰው ኢትዮጵያዊነቱን ወዶ እንደተወ ይቆጥረዋል። ከአባትና እናቱ አንዳቸው እንኳ ኢትዮጵያዊ ሆነው ቢቆዩ ናኦል በሕገ መንግሥቱ ኢትዮጵያዊ ሆኖ ይወለድ ነበር። ሁለቱም ቀድመው ስለቀየሩ ግን ልጁ የተወለደው እንግዳ ሆኖ ነው። ቢጫ ካርዱ እንግዳውን በጓሮ በር ያስገባዋል። የያዘ ሰው ለመግባት ቪዛ፣ ለመኖር የመኖሪያ ፈቃድ፣ ለመሥራት የሥራ ፈቃድ አይጠየቅም፤ ቤትም በስሙ ማፍራት ይችላል። አይመርጥም፣ አይመረጥም፣ በመከላከያ፣ በጸጥታና በውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤቶችም በመደበኛነት አይቀጠርም። ለቅሶ መድረስ ግን ይችላል፤ ሲሬ ላይ ዋናው እሱ ነው።

ዜግነት መለወጥ እንዴት ያለ ነገር እንደሆነ አርሲ ውስጥ የሚያስተምረን ሕግ ሳይሆን ሩጫ ነው። ከዚሁ ከአርሲ የተነሣችው ዘነበች ቶላ፣ ማርያም ዩሱፍ ጀማል ተብላ ለባሕሬን ሮጣ በ1,500 ሜትር ሁለት ጊዜ የዓለም ሻምፒዮን ሆናለች። ነሐሴ 5 ቀን 2016 ጠዋት ደግሞ የፓሪስ ኦሊምፒክ የሴቶች ማራቶን ሲያልቅ፣ ሻይ ቤት ውስጥ ተደርድረን እንመለከት ነበር። ከፊት የቀሩት ሁለት ናቸው፦ የእኛዋ ትግስት አሰፋና አዳማ የተወለደችው የኔዘርላንዷ ሲፋን ሐሰን። መጨረሻው ላይ ትከሻ ለትከሻ ተጋፉ፤ ሲፋን በሦስት ሰከንድ ቀደመች። ቤቱ ውስጥ ግማሹ «ወይኔ» አለ፣ ግማሹ አጨበጨበ። አንድ ሽማግሌ ወይኔም ብለው አጨበጨቡም። እኔ እንደሚመስለኝ በዚያ ቤት ውስጥ ቢጫ ካርድ የሚባለው ነገር በትክክል የገባቸው እሳቸው ብቻ ናቸው።

ወደ ጫላ ልመለስ። ካርዱን ለማግኘት ከወላጅ፣ ከአያት ወይም ከቅድመ አያት ቢያንስ አንዱ ኢትዮጵያዊ እንደነበረ ማስረዳት ያስፈልጋል። ይህን ለአባቴ ስነግራቸው ቅር አላቸው።

«እስከ ቅድመ አያት ብቻ? ከዚያ ወዲያስ ማን ይቁጠረው?»

አባቴ ፊደል አልቆጠሩም፤ ሰው ግን ይቆጥራሉ። ቱፋ፣ ገመዳ ብለው ጀምረው አሥር፣ አሥራ አንድ ድረስ ይወርዳሉ፤ ከዚያ ጎሳውን፣ ከጎሳው ሲኮ ይሁን መንዶ ይነግሯችኋል። አርሲ ውስጥ ሁለት የማይተዋወቁ ሰዎች ሲገናኙ ጉዳዩ የሚያልቀው እዚህ ላይ ነው። ይህን ለማስረዳት መሞከራቸው ግን አልቀረም፤ «ስልኩን ስጠኝና እኔው ልንገራቸው» አሉኝ። ቅጹ ሰው አይሰማም፣ ወረቀት ብቻ ነው የሚቀበለው ብላቸው ለደቂቃ ያህል ዝም ካሉ በኋላ «ታዲያ ምን ያህል ይታመናል?» አሉ።

ጫላ የድሮ የኢትዮጵያ ፓስፖርቱ ቢኖረው ኖሮ ይህ ሁሉ ጣጣ አይመጣም ነበር። ከአንድ አፓርታማ ወደ ሌላ ሲዘዋወር ጠፋበት። ስለዚህ መጀመሪያ ጫላ ራሱ ከየት እንደመጣ፣ ከዚያ ናኦል ከጫላ እንደመጣ በወረቀት መታየት ነበረበት። ሁለተኛው ክፍል የእሱ ድርሻ ነበር፦ የልጁን የልደት ምስክር ወረቀት በስቴቱ ማረጋገጥ፣ ከዚያ ዋሽንግተን ልኮ ማረጋገጥ፣ ከዚያ በኤምባሲያችን ማረጋገጥ። ማኅተሙን ማኅተም፣ ያንን ደግሞ ሌላ ማኅተም ይመሰክርለታል። የመጀመሪያው ክፍል፣ ማለትም አርባ ዓመት ያለፈው ሰው መወለዱን ማረጋገጥ፣ ለእኔ ተተወ።

ጫላ በዚህ ሥራ ላይ እያለ ነው ከህንዳዊው ጎረቤቱ ጋር የተወዳጀው። ሰውየው ከቼናይ የመጣ መሐንዲስ ነው፤ ሚስቱ የሦስት ወር አራስ ነበረች። እሱም በዚያው ሰሞን ለሕፃኑ የእነሱን ቢጫ ካርድ ለማውጣት ሲዋከብ ነበር። የእነሱ «የባሕር ማዶ የህንድ ዜጋ» ይባላል፤ ሕጉ በ2005 እ.ኤ.አ. ወጥቶ ካርዱ መሰጠት የጀመረው በተከታዩ ዓመት ሃይደራባድ ላይ በተደረገ ትልቅ ጉባኤ ነው። ስሙ ዜጋ ይላል እንጂ ህንድም እንደኛው ሁለት ዜግነት አትፈቅድም፤ ባለካርዱ አይመርጥም፣ የእርሻ መሬትም አይገዛም። በዚህ በኩል የእኛው ሐቀኛ ነው፤ ትውልድህ ኢትዮጵያዊ ነው አለ እንጂ ዜጋ ነህ ብሎ አልሸነገለም። እነሱም እስከ ቅድመ አያት ይቆጥራሉ። እነሱ የፓኪስታንና የባንግላዴሽን ሰው ያስቀራሉ፤ የእኛው አዋጅ ኤርትራዊ ዜግነት የያዘውን ያስቀራል። ተለይቶ በሄደ ሰው ላይ በር የሚዘጋበት ምክንያት በየትም አገር ያው ነው።

ጫላን ያስደነቀው ግን ሌላ ነገር ነው። ህንዳዊው ታሚል ነው፤ ታሚሎችም እንደኛ ከስማቸው ጋር የሚሄደው የአባት ስም ነው። እነሱ የአባትን ስም በአንድ ፊደል አሳጥረው ከፊት ያስቀድሙታል። አሜሪካ ሲገቡ ያቺ አንድ ፊደል ትነፋና ታፔላ ትሆናለች፤ ከዚያ ልጅ ይወለድና በታፔላው ይጠራል። ሁለቱ አባቶች አንድ ምሽት ኩሽና ውስጥ ወረቀታቸውን ዘርግተው ሲያስተያዩ፣ ህንዳዊው ብዕሩን አስቀምጦ «ያንተም ወንድምህ ነው?» አለው። ከዚያ ወዲህ በየሳምንቱ ሻይ ይጠጣሉ። በንጉሡ ዘመን ብዙ የኢትዮጵያ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ህንዳውያን አስተማሪዎች ነበሯቸው፤ እንግሊዝኛና ሂሳብ ያስተማሩን እነሱ ናቸው። ግን ይህን የስም ችግር አብረን እንደምንካፈል አንዳቸውም አልነገሩንም።

በዚያው ምሽት ጫላ አንድ ቪዲዮ ላከልኝ። የህንዶቹ ማመልከቻ ፊርማ ይጠይቃል፤ መጻፍ የማይችል ሕፃን አሻራ ያኖራል፣ ወንድ ከሆነ የግራ አውራ ጣቱን፣ ሴት ከሆነች የቀኝ። የሦስት ወር ልጅ ጡጫውን ጨብጦ አልፈታም አለ። አባትየው ትንሿን ጣት ነጥሎ ቀለም ቀባ፣ እናትየዋ ወረቀቱን ያዘች፣ ልጁ ጣቱን ነጥቆ አፉ ውስጥ ከተተ። ከንፈሩ ሐምራዊ ሆነ። በሦስተኛው ሙከራ ወረቀቱ ላይ የምስር ክክ የምታክል ነጥብ ወጣች። ህንዶቹ ተቃቀፉ።

ቪዲዮውን ለአባቴ አሳየኋቸው። ስቀው አያባሩም ብዬ ነበር፤ እሳቸው ግን የቀኝ አውራ ጣታቸውን ወደ ላይ አንሥተው እያዩ «እኔም እኮ እንደዚህ ነው የምፈርመው» አሉ።

በበነጋው እኔና አባቴ የጫላን መወለድ ልናስመዘግብ ወጣን። ለዚህ ጉዳይ የሚኬድበት ሰው ጸሐፊ ይባላል፤ ደግ ልጅ ነው፤ ጠረጴዛው ላይ የስፖንጅ ማኅተም መንከሪያ፣ ሦስት ማኅተምና ግማሽ ብርጭቆ ሻይ አለው። የወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅ ከ2004 ጀምሮ አለ፤ ምዝገባው በመላ አገሪቱ የጀመረው ግን በ2008 መጨረሻ ነው። ከዚያ በፊት የተወለደ ሰው ሲሬ ውስጥ የሚታወቀው ባየው ሰው ነው። ስለዚህ ያየ ሰው ይዘን ሄድን፤ አባቴን።

«የተወለደበት ቀን?»

አባቴ ወደ ጣራው አዩ። «ስንዴው ታጭዶ፣ ውቂያው ሳይጀመር። አብዮቱ ከመፈንዳቱ በፊት ያለው በጋ።»

ጸሐፊው ለእኔ ዓይኑን አነሣልኝ። አብዮቱ የፈነዳው በየካቲት 1966 ስለሆነ፣ አጨዳ ተጠናቆ ውቂያ ያልተጀመረበት ጊዜ ታኅሣሥ 1966 ነው አልኩ። አሜሪካ ያለው ወረቀቱ ጥር አንድ፣ በፈረንጆች የመጀመሪያው ቀን ይላል፤ ስደት ላይ ልደቱን ያላወቀ ሁሉ የሚሰጠው ቀን ነው። ሚኒሶታ ያለን ዘመድ ግማሹ ልደቱ በዚያች ቀን ነው፣ ኬክ ሲገዛ አንድ ላይ ነው የሚገዛው። ቀኑን ወደ እኛ ስቀይረው ታኅሣሥ 23 ወጣ። ሳያስበው አሜሪካዊው ጸሐፊ ከአባቴ አጨዳ ጋር ተስማማ። ይህን ስነግራቸው አባቴ «ታዲያ እኔ ምን አልኩ?» አሉ።

የደከመን ስሙ ላይ ነው። የእኛ ጸሐፊ የሚጽፈው በቁቤ ነው። ቁቤ ትምህርት ቤት የገባው በ1984 ዓ.ም. ሲሆን፣ ጫላ በዚያ ጊዜ አሰላ ሁለተኛ ደረጃ እየጨረሰ ነበር፤ ስሙን በላቲን የሚጽፈው በእንግሊዝኛ መምህሩ አለማመድ በሲና በኤች ጀምሮ ነው። በቁቤ ግን «ጨ» ሲ ብቻዋን ናት፤ ኤች ካስገባህባት «ቸ» ትሆንና ሰውየው ቻላ ተብሎ ይነበባል። የተረዘመው ድምፅ ደግሞ ሁለት ሁለት ኤ ይፈልጋል። ጸሐፊው ትክክለኛውን ጻፈ። አሜሪካዊው ፓስፖርት ላይ ያለው ሌላ ነው። ወረቀቱን ፎቶ አንሥቼ ስልክለት ጫላ በዚያ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ደወለ።

«ይህ ካላ የሚባለው ሰውዬ ማነው?»

«አንተ ነህ።»

«እና ያኛው ጫላስ?»

ከዚያ ተመለስኩና ጸሐፊውን ለመንኩት። የቁቤውን አጻጻፍ አላበላሽም አለ፤ ልክ ነው። በመጨረሻ ሁለቱም አጻጻፎች የአንድ ሰው መሆናቸውን የሚገልጽ ደብዳቤ ተጻፈልን፤ ቱፋ በሁለቱም በኩል ያው ሆኖ መገኘቱ እግዚአብሔር ያደረገልን ነው። ደብዳቤው ላይ ምስክርነት የሚሰጠው አባት መፈረም ነበረበት።

አባቴ የኮታቸውን እጅጌ ሰበሰቡ። አውራ ጣታቸውን ስፖንጁ ላይ ጫን አድርገው፣ ሊጥ እንደሚነካ ሰው አዙረው፣ ወረቀቱ ላይ አሳረፉ። የወጣው ምልክት ጥቁር ሞላላ ነገር ነው፤ መስመር የሚባል የለውም። ሞፈር ሲይዝ ሃምሳ ዓመት የኖረ ጣት ነው፤ አሻራውን ማሳው ላይ ትቶታል። ጸሐፊው እንደገና አስነከረ። ያው ሆነ። ለሦስተኛ ጊዜ አሰበና «አባቴ፣ የግራዎን ይሞክሩልን» አለ። አባቴ የግራቸውን ሲሰጡ የህንዱን ሕፃን አሰብኩ። በግራው በኩል ሁለት ሦስት መስመር ታየች። ጸሐፊው ደስ ብሎት ሦስቱንም ማኅተም አንድ ላይ መታው።

ከዚያ በኋላ ያለውን አላስረዝመውም። ፋይሉ ሄደ፣ ተመለሰ፣ አንድ ፎቶ ጎደለ ተባለ፣ ተጨመረ። የስሙን ጉዳይ በተመለከተ ማመልከቻውን የተቀበለው ሰው «አባትየው ጫላ ከሆነ ልጁ ለምን ቱፋ ሆነ?» ብሎ ጠይቆት፣ ጫላ በጽሑፍ ሁለት ገጽ ማብራሪያ ላከ። ሁለቱን ገጽ ለእኔም ልኮልኝ አንብቤዋለሁ። የሞኝ አይደለም፤ ስለ ነርሷ ሳይቀር ጽፏል። ምላሹ የመጣው በካርዱ ነው። ቢጫ ነው፤ የናኦል ፎቶ አለበት፤ የፊት ጥርሱ የወለቀ ጊዜ የተነሣው ነው።

በገና ሰሞን ይዘውት መጡ። ከአዲስ አበባ በአዳማና በዴራ አድርገው ሲሬ ሲደርሱ ፀሐይ ልትጠልቅ ነበር። ናኦል ካርዱን በአንገቱ ማንጠልጠያ አስሮ ነበር፤ ቤቱን ሁሉ እያዞረ አሳየን። አባቴን «አካኮ» ብሎ ይጠራቸዋል፤ ሚኒሶታ ነው ያስተማሩት። አባቴ ካርዱን ተቀብለው ራቅ አድርገው ያዙት፣ ገለበጡት፣ ጀርባውን አዩ።

«ጣቱስ የታለ?» አሉ።

ማግስቱን ጎረቤቶች ሁሉ ሊያዩት መጡ። አንዲት አሮጊት እንደ ወጉ ልጁን አጠገባቸው አስቀምጠው ስሙን ጠየቁት። ናኦል አለ። «የማን ልጅ?» አሉት። ልጁ ትምህርት ቤት እንደለመደው ሙሉ ስሙን የጠየቁት መሰለው። ቀና ብሎ «ናኦል ቱፋ!» አለ። አሮጊቷ አፋቸውን በነጠላቸው ሸፍነው እናቴን አዩ፣ እናቴ አባቴን አየች። አባቴ ከበርጩማቸው ሳይነሡ «እውነቱን ነው፤ ወረቀት አለው» አሉ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ቤቱ ውስጥ ጉዳዩ ተዘጋ። ባለፈው ወር ብቻ ጫላ ደውሎ ለልጁ ስሙን በፍርድ ቤት ለማስቀየር ማሰቡን ነገረኝ። ለአባቴ ስነግራቸው «ተወው በለው» አሉ፤ የሆነ ነገር ያስታወሱ ይመስላሉ። እኔ የማስታውሰው ግን ሊሄዱ ሁለት ቀን ሲቀራቸው የሆነውን ነው። ናኦል ከጓሮ የጎረቤትን አህያ አግኝቶ ወጥቶባት ኖሮ፣ አህያዋ ወደ ማሳው ይዛው ትሄዳለች፤ ልጁ በእንግሊዝኛ ይጮኻል። ጫላ በረንዳው ላይ ስልኩን ይነካካል። አባቴ ዱላቸውን አንሥተው ቆሙና እንደ ድሮው፣ እኛ ልጆች ሳለን በሚጠሩን ድምፅ ጮኹ፦

«ጫላ! ኧረ አንተ ጫላ! ወንድምህን ከአህያዋ ላይ አውርደው!»